አሴቲልኮሊን ለማረካት የፋርማሲ ተማሪ፦ ክሊኒካል ፋርማሲ ወይስ ፋርማኮሎጂ?

ውድ እህቴ፣

ደብዳቤሽን ደጋግሜ አነበብኩት። የ5ኛ ዓመት የፋርማሲ ተማሪ ነሽ። ከተማርሽው ሁሉ አሴቲልኮሊን ከነርቭ ወደ ጡንቻና ወደ ልብ መልእክት የሚያደርስበት መንገድ ልብሽን እንደያዘው፣ ጓደኞችሽ ግን «እሱ ለፈተና ነው፤ መድኃኒት ቤት ቁጭ ስትዪ ማን ይጠይቅሻል?» እያሉ እንደሚያቀዘቅዙሽ ጽፈሻል። ጥያቄሽ ማስተርስሽን በክሊኒካል ፋርማሲ (በሽተኛው አጠገብ ሆኖ የመድኃኒት ሕክምናውን መከታተል) ትማሪ ወይስ በፋርማኮሎጂ (መድኃኒት በሰውነት ውስጥ እንዴት እንደሚሠራ መመርመር) የሚል ነው።

መጀመሪያ ለጓደኞችሽ ልመልስላቸው። በአገራችን ሆስፒታሎች ድንገተኛ ክፍል ውስጥ ይህ እውቀት በየጊዜው የሰው ሕይወት ይወስናል። በኦርጋኖፎስፌት ፀረ ተባይ ተመርዞ የመጣ ሰው አስቢ። ላብ አጥምቆታል፣ ምራቁ ይዝረበረባል፣ ደረቱ ውስጥ ፈሳሽ ይንተከተካል፣ የዓይኑ ብሌን ጠቧል፣ የልቡ ምት ወርዷል፣ ጡንቻው በየቦታው ይርገበገባል። ለማያውቅ ሰው ይህ ሁሉ የተለያየ ሕመም ይመስላል። አንቺ ግን ከአንድ ምንጭ እንደሚመጣ ታውቂያለሽ።

የነርቡ ጫፍ አሴቲልኮሊንን ከኮሊንና ከአሴቲል ኮኤንዛይም ኤ ሠርቶ በጥቃቅን ከረጢቶች ያስቀምጣል፤ እያንዳንዷ ከረጢት በሺዎች የሚቆጠሩ ሞለኪውሎች ትይዛለች። የኤሌክትሪክ ምልክት ሲደርስ ካልሲየም ይገባል፣ ከረጢቶቹ ከነርቡ ሽፋን ጋር ተዋሕደው የያዙትን ወደ ሲናፕሱ፣ ማለትም ነርቡ ከሚያዘው አካል ጋር ወደሚገናኝበት ጠባብ ክፍተት፣ ያፈሳሉ። በወዲያኛው በኩል የሚጠብቁት ተቀባዮች ሁለት ቤተሰብ ናቸው። የአጥንት ጡንቻ ላይ ያለው ኒኮቲኒክ ተቀባይ ራሱ በር ነው፤ አሴቲልኮሊን ሲይዘው ተከፍቶ ሶዲየም ያስገባል፣ ጡንቻውም ወዲያው ይኮማተራል። በዕጢዎች፣ በአንጀት፣ በአየር ቧንቧና በልብ ላይ ያለው መስካሪኒክ ተቀባይ በር የለውም። ትእዛዙን ጂ ፕሮቲን በሚባል የሴል ውስጥ መልእክተኛ በኩል ስለሚያስተላልፍ ሥራው ቀስ ይላል፤ ልብ ላይ የፖታሲየም በሮችን አስከፍቶ ምቱን ያወርዳል። ከዚያ አሴቲልኮሊንኢስተሬዝ የሚባለው ኢንዛይም አሴቲልኮሊኑን በሺኛ ሰከንዶች ውስጥ ሰብሮ መልእክቱን ያቆማል፣ ኮሊኑም ወደ ነርቡ ተመልሶ እንደገና ይሠራበታል። ኦርጋኖፎስፌት የሚያግደው ይህን ኢንዛይም ነው። ስለዚህ መልእክቱ መቆሚያ ያጣል፤ ላቡም ምራቁም የጡንቻው መርገብገብም ከዚያ ይመጣሉ።

አሁን ወደ ፋርማሲስቱ ሥራ እንምጣ። ለዚህ መመረዝ የሚሰጠው መድኃኒት አትሮፒን መስካሪኒክ ተቀባዮችን ይዘጋል፣ ኒኮቲኒኮቹን ግን አይነካም። ደረቱ ደርቆ፣ ልቡ አገግሞ ሳለ የመተንፈሻ ጡንቻው ሊዝል ይችላል። ይህን የምታውቅ ባለሙያ «አትሮፒኑ ሠርቷል፣ በሽተኛው ዳነ» ብላ አትዘናጋም፤ ጽኑ ሕሙማን ክፍል ውስጥ ቬንትሌተር (መተንፈሻ ማሽን) እንዲዘጋጅ ታሳስባለች። መጠኑም የሚመዘነው በዓይን ብሌን ስፋት አይደለም። የሚታየው የደረቱ መድረቅ፣ የልብ ምት ከ80 በላይ መሆኑና የደም ግፊቱ ነው። የአወሳሰዱ መመሪያ ደግሞ ምልክቱ እስኪሻሻል በየ5 ደቂቃው መጠኑን እጥፍ ማድረግ ነው። በ2 ሚሊግራም ብትጀምሪ ቀጥሎ 4፣ 8፣ 16 ይሆናል፤ በ15 ደቂቃ ውስጥ 30 ሚሊግራም ደረስሽ። አምፑሉ 1 ሚሊግራም የሚይዝ ከሆነ ለአንድ ሰው፣ በሩብ ሰዓት ውስጥ፣ 30 አምፑል ማለት ነው። የሆስፒታሉ ክምችት ለአንድ ሌሊት እንደሚበቃ አስቀድሞ ማስላት ያለበት ማን ነው? ፋርማሲስቱ ነው። ይህን ስሌት የሠራ ሰው የሌለበት ሆስፒታል እኩለ ሌሊት ላይ ምን እንደሚገጥመው ሳስብ ልቤ ይደማል።

ሌላም ልጨምርልሽ። ያው በሽተኛ የመተንፈሻ ቱቦ እንዲገባለት ጡንቻ የሚያዝናናው ሱክሳሜቶኒየም ታዘዘ እንበል። በጤነኛ ሰው ላይ ይህ መድኃኒት በደም ውስጥ ባለ ኮሊንኢስተሬዝ ተሰብሮ በጥቂት ደቂቃ ያልቃል። በኦርጋኖፎስፌት የተመረዘ ሰው ግን ያ ኢንዛይም ታግዶበታል፤ የጡንቻው ሽባነት ለሰዓታት ሊቆይ ይችላል። ይህን ለሐኪሙ ወይም ለአኔስቴዢያ ባለሙያው በጊዜው የምትናገር ክሊኒካል ፋርማሲስት ለዚያ ቡድን ትልቅ ሀብት ናት። በቀዶ ሕክምና መጨረሻ የጡንቻ ማዝናኛውን ለመመለስ አሴቲልኮሊንኢስተሬዝን የሚያግደው ኒዮስቲግሚን ሲሰጥ አትሮፒን አብሮት የሚሄደውም ከዚሁ ኢንዛይም የተነሣ ነው፦ ጡንቻው ላይ የተፈለገው አሴቲልኮሊን ልብ ላይም ስለሚበዛ።

ፋርማኮሎጂ ሌላ ዓይነት ሰው ይፈልጋል። ሳይንቲስቱ ኦቶ ሌዊ በ1921 (እ.ኤ.አ.) በኦስትሪያዋ ግራዝ ከተማ ውስጥ ሁለት የእንቁራሪት ልቦች ወሰደ። የአንዱን ቫገስ ነርቭ (የልብን ምት የሚያዘገየውን ነርቭ) በኤሌክትሪክ ቀስቅሶ ምቱን አዘገየ፤ ከዚያ ልቡ የነበረበትን ፈሳሽ ወስዶ ሁለተኛው ልብ ላይ አደረገ። ነርቡ ያልተነካው ልብም ዘገየ። ነርቭ በኬሚካል እንደሚናገር የታየው በዚህ ነው። ኬሚካሉ እንግሊዛዊው ሳይንቲስት ሄንሪ ዴል ቀደም ሲል ያጠናው አሴቲልኮሊን ሆኖ ተገኘ፣ ሁለቱም በ1936 የኖቤል ሽልማት ተካፈሉ። ዛሬ በእኛ ዩኒቨርሲቲዎች የፋርማኮሎጂ ተማሪ በብዛት የምትሠራው የባህል መድኃኒት ዕፅዋትን መፈተሽ ነው። አንድ ቅጠል ተቅማጥ ያቆማል ከተባለ የአንጀቱን መኮማተር የሚገታው መስካሪኒክ ተቀባይ ዘግቶ ነው ወይስ በሌላ መንገድ? አስተናግር አፍ አድርቆ፣ ብሌን አስፍቶ፣ ሰውን የሚያስቀባጥረው አትሮፒንና ስኮፖላሚን ስላለበት እንደሆነ ይታወቃል። ገና ያልተፈተሹት ብዙ ናቸው።

ስለ ሥራ ዕድሉ እንነጋገር። በፋርማኮሎጂ የተመረቀ ሰው ዋናው በር የዩኒቨርሲቲ መምህርነት ነው፤ ቀጥሎ እንደ አርማወር ሐንሰን ያሉ የምርምር ተቋማትና የምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን። ብዙዎች የማያስቡት ደግሞ የፀረ ተባይ ምዝገባና ደኅንነት ነው። ስለ ኮሊንኢስተሬዝ በደንብ የሚያውቅ ሰው እዚያ በጣም ያስፈልጋል ብዬ አምናለሁ። ክሊኒካል ፋርማሲ ከሆስፒታል ጋር ያስተሳስርሻል፤ ራውንድ (ከሐኪሞች ጋር በሽተኞችን እየዞሩ ማየት) አለ፣ ተረኝነት አለ፣ ውሳኔሽን የሚቃወም ሐኪም አለ፣ ውጤቱን ግን በዚያው ቀን ታዪዋለሽ።

እኔ ለአንቺ የምመክረው ፋርማኮሎጂን ነው። ደብዳቤሽ ሁለት ገጽ ነው፤ ስለ ተቀባይ፣ ስለ ኢንዛይም፣ ስለ ካልሲየም በፍቅር ጽፈሻል፣ ስለ በሽተኛ ግን አንድም ቦታ አላነሳሽም። ይህን እንደ ጉድለት አትዪው። የሚያስነሳሽ ጥያቄ «እንዴት ይሠራል?» የሚለው ነው ማለት ነው። ነገር ግን በቀጥታ ከምረቃ ወደ ማስተርስ አትሂጂ። ቢያንስ አንድ ዓመት ሆስፒታል ሥሪ፣ ከተቻለም ድንገተኛ ክፍልና የቀዶ ሕክምና ክፍል በሚያስተናግድ ፋርማሲ። የምርምር ጥያቄሽ ከዚያ ቢመጣ ጥሩ መሠረት ይኖረዋል። በዚያ ዓመት ውስጥ ራውንድ የሚናፍቅሽ ሆኖ ካገኘሽው ሐሳብሽን ቀይሪ፤ ማንም አይወቅስሽም።

ለማመልከት ስትነሺ የትምህርት ክፍሉን ስም ብቻ አትዪ። በአካል ሂጂና የእንስሳት ማቆያው በሥራ ላይ መሆኑን፣ የተቆረጠ አንጀት ላይ የሚሞከርበት ኦርጋን ባዝ መኖሩንና መሥራቱን፣ ኬሚካል ሲታዘዝ ስንት ወር እንደሚወስድ አሁን ጽሑፋቸውን የሚሠሩ ተማሪዎችን ጠይቂ። አማካሪ የሚሆኑሽን መምህር ባለፉት ዓመታት ያስመረቋቸው ተማሪዎች ምን እንደሠሩም አንብቢ። ብሔራዊው የድኅረ ምረቃ መግቢያ ፈተና ደግሞ የፋርማሲ እውቀት ሳይሆን ቋንቋ፣ ሒሳብና የማመዛዘን ችሎታ ስለሚለካ ለመውጫ ፈተናው ከምታደርጊው ዝግጅት ለይተሽ ጊዜ መድቢለት።