«ፊቷን ቀላ አድርጊልን»

ውድ እህቴ፣ ደብዳቤሽ ደርሶኛል። ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ሥር ባለች ስቱዲዮ የሰርግ ቪዲዮ ኤዲት ታደርጊያለሽ። ደንበኞች «የሙሽራዋን ፊት ቀላ አድርጊልን» ሲሉሽ ያምሻል። ስለ መልክ፣ ስለ ማንነትና ሌሎች እኛን ስለሚያሳዩበት መንገድ የቪዲዮ ጥበብ መሥራት ትፈልጊያለሽ። «ሥራዬን ልተወው ወይ?» ብለሻል። እናትሽ ደግሞ «ይሄ እንጀራ ይሆናል?» ይላሉ።

አትተዪው። የቤት ኪራይ አስቤ ብቻ አይደለም። ርዕስሽ እዚያው ኮምፒውተርሽ ላይ ነው። ጠይሟ ሙሽራ በሁለት ክሊክ ስትነጣ፣ ከፊቷ ጋር የቀሚሷ ጥለት ሲደበዝዝ፣ የአንገቷ ወርቅ ሲገረጣ በየሳምንቱ የምታዪው አንቺ ነሽ። ይህን ከቅርብ የሚያውቅ ሠዓሊ ብዙ የለም።

ነገሩ ደግሞ ከኮዬ አልጀመረም። የፎቶ ፊልም አምራቹ ኮዳክ ለአሥርት ዓመታት ለፎቶ ማጠቢያ ቤቶች ቀለም ማመሳከሪያ ይልክ የነበረው «ሸርሊ ካርድ» የነጭ ሴት ፎቶ ነበር። ቀለሙ በእሷ ቆዳ ልክ ስለሚስተካከል የጥቁር ሰው ፊት ብዙ ጊዜ ጨልሞ ይወጣ ነበር። ያንን ታሪክና የአንቺን ስክሪን ጎን ለጎን አድርጊያቸው። የሦስት ደቂቃ ቪዲዮ ይበቃል። የደንበኛ ቪዲዮ ግን ያለ ፈቃድ እንዳትነኪ፤ በራስሽ ፊት ጀምሪ።

የቪዲዮ ሠዓሊውን የቴዎ እሸቱን ሥራዎች ፈልገሽ እዪ። የአክሱም ሐውልት ከጣሊያን መመለሱን የሚያሳየውን ሥራ እ.ኤ.አ. በ2009 በ15 ስክሪን ነው የሠራው። የስክሪኖቹ አደራደር የንግሥተ ሳባን ታሪክ በትንንሽ ክፍሎች የሚተርከውን የአገራችንን ስዕል ይመስላል። ዕዝራ ውቤ ደግሞ ሸራ ላይ ይስላል፣ ፎቶ ያነሳል፣ በላዩ ላይ መልሶ ይስላል፤ ስዕሉ እንዲህ ይንቀሳቀሳል። የአዲስ ቪዲዮ አርት ፌስቲቫልን የመሠረተው እሱ ነው። ፌስቲቫሉ የሥራ ጥሪ ሲያወጣ ቪዲዮሽን ላኪ፣ አትፍሪ።

የእናትሽ ጥያቄ ተገቢ ነው። ቪዲዮ እንደ ስዕል ቶሎ አይሸጥም፤ የጥበብ ሥራ ሰብሳቢ ቢገዛም የሚሸጠው በቁጥር የተወሰነ ቅጂ ብቻ ነው። ብዙዎቹ የቪዲዮ ሠዓሊዎች የሚኖሩት በማስተማር፣ በኤዲቲንግ ወይም ተቋም በሚሰጠው ድጋፍ ነው። ስለዚህ ሙያሽ እንጀራሽ ይሁን፤ ከሳምንቱ አንድ ቀን ግን ለራስሽ ሥራ ቁረጪ። ስቱዲዮው ቢለምንሽም አትስጪ።

ትምህርቱን ካሰብሽ፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር በሠዓሊው አለ ፈለገ ሰላም ስም የተሰየመው የሥነ ጥበብና ዲዛይን ትምህርት ቤት አለልሽ። ከኮዬ መንገዱ ያደክማል፣ አውቃለሁ። ቢሆንም የተመራቂዎች ዐውደ ርዕይ ሲከፈት ሂጂ። ቪዲዮ የሠሩትን ፈልገሽ ካሜራ ከየት እንዳገኙ፣ ወጪውን በምን እንደሸፈኑ በግልጽ ጠይቂያቸው።