ዜማውን ከማን ሰማችሁት?

ልጆቼ፣ ጤና ይስጥልኝ።

አብዛኛውን ዕድሜዬን ያሳለፍኩት በድምፅ ቀረጻ ሥራ ነው። በካሴት ዘመን ጀምሬ ኮምፒውተር ላይ ደርሻለሁ። ወጣት ሙዚቀኞች ሲያገኙኝ ምክር ይጠይቁኛል። የትኛውን ማይክ እንግዛ፣ በምን ሶፍትዌር ሚክስ እናድርግ፣ ዩቲዩብ ላይ እንዴት ብዙ ሰው ያየናል ይሉኛል። ለዚህ ከእኔ የተሻሉ ባለሙያዎች ሞልተዋል። እኔ የምነግራችሁ ስለ አንድ ዓመት ነው። ዓመቱ በፈረንጅ አቆጣጠር 1927፣ በእኛ 1919 ዓ.ም. ነው። ከዚህ በኋላ ዓ.ም. ካላልኩ ቀኑም ዓመቱም በፈረንጅ ነው። አገሩ አሜሪካ፣ ሙዚቃው ደግሞ ካንትሪ።

በእኛ አገር ካንትሪ ሲባል ቶሎ ትዝ የሚሉን ኬኒ ሮጀርስና ዶሊ ፓርተን ናቸው። ስንቱ ሰው እንግሊዝኛውን በቅጡ ሳይሰማ ዜማውን አብሮ ያንጎራጉራል! ለጆሯችን እንግዳ ያልሆነበት ምክንያት ያለ ይመስለኛል። ስለ ትውልድ መንደር፣ ስለ እናት፣ አገር ጥሎ ስለ መሄድ፣ ስለ ሞትና ስለ ፈጣሪ ነው የሚዘፈነው። እኛም የምንዘፍነው ይህንኑ ነው። ዘፈኖቹ ሸክላ ላይ የወጡበት መንገድ ግን ለእናንተ ከዘፈኖቹም በላይ ይጠቅማችኋል። እንደ ሙያ ሰው የምወደው ታሪክ ስለሆነ ትንሽ ታገሱኝ።

ብሪስቶል የምትባል ከተማ አለች። ሁለት ክፍለ ግዛቶች ይካፈሏታል። ስቴት ስትሪት የሚባለው ዋና መንገዷ ራሱ ድንበር ነው። በአንዱ ጎን ብትሄዱ ቴነሲ፣ ተሻግራችሁ በሌላው ብትሄዱ ቨርጂኒያ ናችሁ። ዙሪያዋ የአፓላቺያ ተራሮች ናቸው። በ1927 ሐምሌ ወር መጨረሻ ላይ ራልፍ ፒር የሚባል ፕሮዲዩሰር ወደዚህች ከተማ መጣ። ለቪክተር የሸክላ ኩባንያ ይሠራ ነበር። ሁለት መሐንዲሶችና የመቅጃ ዕቃ ይዟል። ባርኔጣ ይሠራበት የነበረ ሕንፃ ተከራየ። ድምፅ እንዳያስተጋባ ብርድ ልብስ ሰቀሉበትና ስቱዲዮ አደረጉት።

ይሄን ሁሉ ሰው የቪክተር መቀመጫ ከነበረችው ከኒው ጀርሲ እስከዚህ ተራራ ድረስ ያመጣው ገበያ ነው። ከአራት ዓመት በፊት ፒር ለሌላ ኩባንያ ሲሠራ፣ አትላንታ ላይ ፊድሊን ጆን ካርሰን የሚባል የገጠር ቫዮሊን ተጫዋች ቀድቶ ነበር። ፒር አዘፋፈኑን ፈጽሞ አልወደደውም። ሸክላው ግን ተሸጠ። የገጠሩ ሕዝብ የራሱን ድምፅ በገንዘቡ እንደሚገዛ ያኔ ታወቀ።

ሁለተኛው ምክንያት ቴክኒክ ነው። እስከ 1925 ድረስ ዘፋኝ የሚቀዳው ትልቅ ጡሩንባ በሚመስል ቀፎ ውስጥ እየጮኸ ነበር። ለስላሳ ድምፅና ጊታር በደንብ አይያዝም። በዚያ ዓመት የኤሌክትሪክ ማይክሮፎን ሥራ ላይ ዋለ። እንደ ልባችን ዝቅ ብለን መዝፈን የቻልነው ከዚያ ወዲህ ነው። ብሪስቶል ላይ የነበረው መቅጃ ደግሞ በሞተር አይዞርም። ከፍ ብሎ የተሰቀለ ክብደት ቀስ እያለ ሲወርድ፣ ድምፁ የሚቀረጽበትን የሰም ሰሌዳ እኩል ፍጥነት ጠብቆ ያዞረዋል። አንድ ዘፈን ሦስት ደቂቃ አካባቢ ነው፤ ከዚያ በላይ ቦታ የለም። ዘፋኙ ከተሳሳተ ያ ሰም ተበላሸ፤ ከመጀመሪያው ይጀመራል። ኤዲት የሚባል ነገር የለም።

በመጀመሪያዎቹ ቀናት ብዙ ሰው አልመጣም። ፒር የአካባቢውን ጋዜጣ ሰዎች ጋበዘና ኧርነስት ስቶንማን የተባለው ሙዚቀኛ ሲቀዳ አሳያቸው። ስቶንማን ባለፈው ዓመት ከሸክላ 3,600 ዶላር ማግኘቱ ጋዜጣው ላይ ወጣ። ለዚያ አካባቢ ሰው የማይታመን ብር ነው። ከዚያ በኋላማ በባቡርም፣ በፈረስ ጋሪም፣ በእግርም እየመጡ ደጁን ሞሉት። ፒር የማታ ቀረጻ እስከ መጨመር ደረሰ። ከሐምሌ 25 እስከ ነሐሴ 5 ድረስ 19 ሙዚቀኞችና ቡድኖች 76 ቅጂ ሠሩ። ያ ሁለት ሳምንት የማይሞላ ጊዜ ዛሬ የካንትሪ ሙዚቃ መነሻ ተደርጎ ይቆጠራል። የአሜሪካ ኮንግረስ በ1998 ብሪስቶልን የካንትሪ ሙዚቃ የትውልድ ቦታ ብሎ እውቅና ሰጥቷል። ናሽቪል የምትኖሩ ልጆቻችን፣ በመኪና ከአራት ሰዓት ትንሽ ቢበልጥ ነው። ሙዚየም አላት፤ ሂዱና እዩ።

ከመጡት መካከል የካርተር ቤተሰብ የሚባሉት ይገኙበታል። ሦስት ናቸው። ኤ.ፒ. ካርተር፣ ሚስቱ ሳራ፣ የወንድሙ ሚስት ሜይቤል። የመጡት 40 ኪሎ ሜትር ያህል ከሚርቅ ገጠር፣ ከወንድምየው በተዋሱት መኪና ነው። ሜይቤል ገና 18 ዓመቷ ነው፤ የመውለጃዋ ወር ተቃርቧል። ሳራም የሚጠባ ልጅ ይዛለች። በዚያ መንገድ ጎማም አስቸግሯቸዋል። ነሐሴ 1 ማታ አራት ዘፈን ቀዱ፤ በማግስቱ ሁለት ጨመሩ። ለአንድ ዘፈን 50 ዶላር ይከፈላል። ሸክላው ሲሸጥ ደግሞ ትንሽ ሮያሊቲ፣ ማለትም ከሽያጩ የሚታሰብ ድርሻ አለው። ፒር የሳራን ድምፅ እንደሰማ ነገሩ እንደተሳካ ማወቁን ኋላ ላይ ተናግሯል።

እኔ ግን ሁልጊዜ የሚገርመኝ የሜይቤል ጊታር ነው። በአውራ ጣቷ ዜማውን በወፍራሞቹ ክሮች ትጫወታለች፤ በዚያው ቅጽበት በሌላው ጣቷ ቀጫጭኖቹን እየመታች ምቱን ትይዛለች። አንድ ጊታር እንደ ሁለት ጊታር ይሰማል። ቀፎው ቢሆን ኖሮ ይሄን አይይዘውም ነበር፤ ማይክሮፎኑ ያዘው። ከዚያ ወዲህ በካንትሪና በፎልክ ጊታር የያዘ ሰው ሁሉ ማለት ይቻላል ይህን አመታት ተምሯል። ይህች ልጅ ብሪስቶል ከመድረሷ በፊት እጇ ተፈቷል። ስቱዲዮ ገብቶ መለማመድ የሚባል ነገር የለም ስላችሁ ይሄን ይዤ ነው። እናንተ ዛሬ መቶ ጊዜ መቅዳት ትችላላችሁ። ቢሆንም ቤታችሁ ተለማምዳችሁ ኑ። ስቱዲዮ ውስጥ ዘፈን የሚፈልግ ልጅ የሚያጠፋው የራሱን ገንዘብና የሌላውን ሰው ትዕግስት ነው።

ነሐሴ 4 ደግሞ ጂሚ ሮጀርስ ገባ። ከሚሲሲፒ የመጣ የባቡር ፍሬን ሠራተኛ ነበር። በቲቢ ምክንያት ከባቡር ሥራ ወጥቷል። ብሪስቶል የመጣው ከባንድ ጋር ነው። ከቀረጻው በፊት ግን ተለያዩ። እንደሚነገረው የተጣሉት ሸክላው ላይ የማን ስም ይጻፍ በሚል ነው። ባንዱ ለብቻው ቀዳ፤ ሮጀርስም ብቻውን በጊታሩ ሁለት ዘፈን ቀድቶ 100 ዶላር ይዞ ወጣ። በዚያው ዓመት ኅዳር መጨረሻ ኒው ጀርሲ፣ ካምደን ሄዶ የቀዳው የዮዴል ብሉዝ ግን የአገሩን ሁሉ ጆሮ ያዘ። ዮዴል ማለት ድምፅን ከወፍራም ወደ ቀጭን ቶሎ ቶሎ እያገላበጡ መዝፈን ነው። ዕድሜ አልሰጠውም። በ1933 ግንቦት ኒውዮርክ ውስጥ በዘፈኖቹ መካከል አልጋ ላይ እያረፈ ቀዳ። ከመጨረሻው ቀረጻ በኋላ በሁለተኛው ቀን ሞተ። 35 ዓመቱ ነበር። የካንትሪ ሙዚቃ ዝነኞች አዳራሽ በ1961 ሲመሠረት ከመጀመሪያዎቹ ሦስት ሰዎች አንዱ እሱ ነው።

አሁን ወደ ወረቀቱ ልውሰዳችሁ፤ ዋናው ጉዳዬ እዚያ ነው።

ፒር ከቪክተር ጋር የገባው ውል ለጆሮ እንግዳ ነው። ደመወዝ አልፈልግም አለ። የማስቀዳቸውን ዘፈኖች የቅጂ መብት ግን እኔ ላስተዳድር አለ። ኩባንያው ተስማማ። በ1928 ሳውዘርን ሙዚክ የሚባል ድርጅት አቋቋመ፤ ድርጅቱ ዛሬም ፒርሚውዚክ በሚል ስም አለ። ሙዚቀኞች ሲመጡ ፒር አዲስ ዘፈን አላችሁ ወይ ብሎ የሚጠይቀው ለዚህ ነው። ሁሉም የሚያውቀው የቆየ ዘፈን መብት ሊመዘገብበት አይችልም። አዲስ ከሆነ ወይም እንደ አዲስ ከተሠራ ግን ይመዘገባል። በፒር ላይ ክፉ ለመናገር አይደለም። ሌላው አንዴ ከፍሎ ሲያባርር እሱ ለዘፋኞቹ ሮያሊቲ ከፍሏል። ግን አስተውሉ፤ ሁሉም ስለ 50 ዶላሩ ሲያስብ ዘፈኑ ነገ ምን እንደሚያወጣ ያሰበ አንድ ሰው ነበር። ውል ስትፈርሙ ዛሬ በእጃችሁ የሚገባውን ብር ብቻ አትዩ። ዘፈኑ በዲጂታል ሲሸጥ፣ በማስታወቂያ ሲገባ፣ ሌላ ሰው ሲዘፍነው ድርሻው የማን እንደሆነ ጠይቁ። ካልተጻፈ አትፈርሙ።

ኤ.ፒ. ካርተር አዲስ ዘፈን ሲያስፈልገው መንደር ለመንደር እየዞረ ይለቅም ጀመር። አሮጊቶች ቤት፣ ቤተ ክርስቲያን፣ የማዕድን ሠራተኞች ሰፈር ይሄዳል። ግጥም መጻፍ ይችላል፤ ዜማ ግን አይቆይለትም። ከብሪስቶል በኋላ ኪንግስፖርት በምትባል ከተማ ሌስሊ ሪድል የሚባል ጥቁር ጊታር ተጫዋች አገኘ። ሌስሊ በሲሚንቶ ፋብሪካ አደጋ እግሩን ያጣ ወጣት ነው። አብረው ይዞሩ ጀመር። ኤ.ፒ. ግጥሙን ይጽፋል፤ ሌስሊ ዜማውን በጭንቅላቱ ይዞ ይመለሳል። ቤት ሲደርሱ ሌስሊ ይጫወትላቸዋል፣ እነሳራ ይማሩታል። ሜይቤልም ከእሱ የጊታር አመታት ተምራለች። ጥቁርና ነጭ በአንድ ጠረጴዛ መቀመጥ በማይፈቀድበት አገር ይህ ቀላል ወዳጅነት አይደለም። ዘፈኖቹ ግን አብዛኞቹ በኤ.ፒ. ካርተር ስም ተመዘገቡ። ሸክላው ላይ የሌስሊ ስም የለም። የአሮጊቶቹም የለም። ሌስሊ ኋላ ሙዚቃውን ተወው። በ1960ዎቹ ማይክ ሲገር የሚባል ሙዚቀኛ ፈልጎ አግኝቶት ቀዳው። የእሱን እጅ ዛሬ የምንሰማው በዚያ ሰው ትጋት ነው።

ኤ.ፒ. ካርተር ባይዞር ኖሮ ከእነዚያ ዘፈኖች ብዙዎቹ ከአሮጊቶቹ ጋር ይቀበሩ ነበር። ይህን ውለታውን አልክድም። ስሞቹን ግን በዚያው ደብተር ላይ መጻፍ ይችል ነበር። አንድ መስመር ነው።

ይሄን ሳነብ የሚታየኝ የእኛ ካሴት ሽፋን ነው። ግጥም፦ እገሌ። ቅንብር፦ እገሌ። ዜማ፦ የሕዝብ። እውነት የሕዝብ የሆነ ዜማ አለ፤ ማን እንዳወጣው የሚያውቅ የለም። ብዙ ጊዜ ግን የሕዝብ የተባለው ከአንድ አዝማሪ አፍ፣ ከአንዲት ባልቴት ለቅሶ የተወሰደ ነው። ልጁ በስልኩ ቀድቶ ይመጣል። ከማን ነው ስለው የሕዝብ ነው ይለኛል። ሰውየው ግን ቀረጻው ላይ ሲያስል ይሰማል። ሰፈሩ ይታወቃል። ምናልባት በሕይወት አለ። አንዳንዴ ዘፈኑ ሚሊዮን ሰው ሲያየው እሱ አልሰማም።

ሕጉ እንግዳ እንዳይመስላችሁ። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410 በ1996 ዓ.ም. ወጥቷል፤ በ2007 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 872 ተሻሽሏል። ደራሲውን ብቻ ሳይሆን የሚዘፍነውንና የሚጫወተውንም ይመለከታል። ረጅም አይደለም። አንድ ከሰዓት በኋላ ተቀምጣችሁ አንብቡት፤ የሕግ ሰው የምታውቁ ከሆነ አብራችሁ አንብቡት።

የዚያ ዓመት ሌላም ታሪክ አለ፣ ባጭሩ ልንገራችሁ። ናሽቪል ውስጥ ደብልዩ ኤስ ኤም የሚባል ራዲዮ የቅዳሜ ማታ የገጠር ሙዚቃ ዝግጅት ነበረው። በ1927 ታኅሣሥ 10 አቅራቢው ጆርጅ ሄይ ለዝግጅቱ ግራንድ ኦል ኦፕሪ የሚል ስም አወጣለት። ዛሬም በዚያ ስም ይተላለፋል። ስሙ በወጣበት ምሽት ሃርሞኒካ ይጫወት የነበረው ዴፎርድ ቤይሊ ነው፤ የባሪያ የልጅ ልጅ፣ ጥቁር አሜሪካዊ። በ1941 ከዝግጅቱ አስወጡት። ከዚያ በኋላ ኑሮውን የገፋው ጫማ በማስዋብ ነው። ዝነኞች አዳራሽ የገባው በ2005 ነው፤ እሱ ከሞተ ብዙ ዓመት አልፎ። ብሪስቶል ላይም ኤል ዋትሰን የሚባል አንድ ጥቁር ሃርሞኒካ ተጫዋች ነበር። ባንጆ የሚባለው ባለ ክር መሣሪያም መነሻው አፍሪካ ነው። ካንትሪ የነጮች ሙዚቃ ነው ተብሎ ለረጅም ጊዜ የተነገረው ስም የሚጽፈው ሰው የመረጠውን ስለጻፈ ነው።

ስለዚህ ልጆቼ፣ ገጠር ወርዳችሁ ዜማ ስትቀዱ እንዲህ አድርጉ። ስልኩን ከፍታችሁ መጀመሪያ እናንተ ተናገሩ። ቀኑን፣ ቦታውን፣ የሰውየውን ሙሉ ስም። ከዚያ እሱ ራሱ ስሙን ይበል፤ ዘፈኑን ከማን እንደተማረም ይናገር። ለምን እንደምትቀዱት በግልጽ ንገሩት። አትቅዱኝ ካለ ስልኩን ዝጉት፤ ዘፈኑን ብቻ አዳምጡና አመስግናችሁ ተነሱ። እሺ ካለ ለጊዜው የሚገባውን ክፈሉት፤ በኋላ ሥራው ከተሸጠ ድርሻው ስንት እንደሆነ በወረቀት ጻፉና አንዱን ቅጂ እሱ ጋ ተዉ። ማንበብ የማይችል ከሆነ የሚያምነው ሰው ባለበት ይነበብለት። ሥራው ሲወጣ፣ ዜማ በሚለው ቦታ ላይ፦ ከእገሌ የተሰማ፣ ከዚህ ወረዳ ብላችሁ ጻፉ። ዩቲዩብ ላይ ከቪዲዮው በታች ቦታ ሞልቷል። ባለቤቱ በእርግጥ ካልታወቀ ብቻ የሕዝብ በሉ፤ ያኔም የሰማችሁበትን ቦታ አትርሱ። ቅጂውንም ስልካችሁ ላይ ብቻ አታስቀምጡት። ስልክ ይጠፋል። ሌላ ቦታ አስቀምጡት፤ አንዱንም ለባለቤቱ ልጆች ስጡ።