የአንባቢያን ጥያቄ፦ ቺሳሲቢ ሄጄ ልሥራ?

ይድረስ ለእትዬ፦

ካልጋሪ የምኖር ነርስ ነኝ። ሰሜን ኩቤክ ውስጥ፣ ጄምስ ቤይ አጠገብ ባለችው ቺሳሲቢ በምትባል፣ ክሪ የሚባሉት የካናዳ ነባር ሕዝብ ከተማ ሥራ አግኝቻለሁ። እርስዎ እዚያ በነርስነት ለዓመታት እንዳገለገሉ ሰምቻለሁ። የሥራ ባልደረቦቼ «የመንግሥት ድጎማ እየጠበቁ የሚኖሩ ሰዎች ናቸው፣ ምን ልታደርጊ ትሄጃለሽ?» ይሉኛል። እውነት ነው? ምን ዓይነት ሕዝብ ነው? ምንስ ይዤ ልሂድ?
ሰ. ከካልጋሪ

መልስ

እህቴ፣ ስለ ድጎማው አስቀድሜ ልመልስልሽ፤ ሌላው ሁሉ ከእሱ ይመዘዛል። (ዓመቶቹን የምጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

በሚያዝያ 1971 የኩቤክ ክፍለ ሀገር መሪ ሮበርት ቡራሳ የጄምስ ቤይን ወንዞች ገድበው ኤሌክትሪክ እንደሚያመነጩ አወጁ። ከአያት ከቅድመ አያት ጀምሮ በዚያ መሬት እያደኑና እያጠመዱ የኖሩትን ክሪዎች ማንም አላማከራቸውም። ወጣት መሪዎቻቸው ፍርድ ቤት ሄዱ፤ ከእነሱ አንዱ በኋላ የኩቤክ ክሪዎች የመጀመሪያው ታላቅ አለቃ የሆነው ቢሊ ዳይመንድ ነው። አዳኞች ከጫካ ወጥተው ሞንትሪያል ችሎት ፊት ቆሙ፤ ምን እንደሚበሉ፣ የት እንደሚያጠምዱ በገዛ ቋንቋቸው መሰከሩ። በኅዳር 1973 ዳኛ አልበርት ማሉፍ ሥራው ይቁም ብለው አዘዙ። ደስታው የቆየው አንድ ሳምንት ነው። ይግባኝ ሰሚው ትእዛዙን አገደው፣ ቡልዶዘሮቹም ሥራቸውን ቀጠሉ። ወንዙ እየተገደበ ክሪዎች ለድርድር ተቀመጡ፤ ኅዳር 11 ቀን 1975 ከሰሜኑ ነባር ሕዝብ ከኢኑይቶች ጋር ሆነው ከመንግሥት ጋር ስምምነቱን ፈረሙ። ካሳው ለሁለቱም ሕዝቦች በድምሩ 225 ሚሊዮን ዶላር ነበር። እኔ ግን ከገንዘቡ ይልቅ የማደንቀው ሌላውን ነው፦ የራሳቸውን የትምህርት ቦርድ፣ አሁን አንቺን የሚቀጥርሽን የጤና ቦርድ፣ የአደን መብታቸውንና ለአዳኞች የገቢ ዋስትናን ስምምነቱ ውስጥ አስገብተዋል።

ባልደረቦችሽ ድጎማ የሚሉት ይህን የገቢ ዋስትና ከሆነ፣ አሠራሩን ንገሪያቸው። አዳኙና የትዳር ጓደኛው ጫካ ውስጥ ባሳለፉት ቀን ልክ የሚከፈላቸው ነው። ብርዱ ከዜሮ በታች 30 ዲግሪ ሲደርስ እንጨት እየፈለጠ፣ ወጥመዱን እየዞረ የሚያይ ሰው ቁጭ ብሎ ይጠብቃል አይባልም። ሞንትሪያል ውስጥ ክረምቱን ቤት የሚያሞቀው ኤሌክትሪክ ብዙው የሚመጣው ከእነሱ ወንዝ ነው። ለእኔ ይህ ክፍያ የዕዳ ክፍያ ነው፤ ዕዳውም አላለቀም።

ለምን አላለቀም ትይኛለሽ? ቺሳሲቢ ራሷ አዲስ ከተማ ናት። ሕዝቡ ቀድሞ ይኖር የነበረው በላ ግራንድ ወንዝ አፍ ላይ ባለች ደሴት፣ ፎርት ጆርጅ በምትባለው ነበር። ግድቦቹ የወንዙን ጉልበት ስለሚለውጡት ውኃው ደሴቲቱን ይበላታል ተባለና በ1980 እና በ1981 ሰዉ ወደ ዋናው መሬት ተዛወረ፤ ብዙ ቤቶችም እንዳሉ ተነቅለው ተሻገሩ። እስከ ዛሬ በየዓመቱ ሐምሌ ላይ ቤተሰቡ ሁሉ ወደ ደሴቲቱ ተመልሶ ድንኳን ተክሎ ይሰነብታል። አንዲት አሮጊት እጄን ይዘው ሣሩ ውስጥ እየመሩኝ የቤታቸውን ደጃፍ፣ ውኃ የሚቀዱበትን፣ ልጃቸውን የቀበሩበትን አሳይተውኛል። እንደዚያ ቀን ያለቀስኩበት ጊዜ ጥቂት ነው።

ወንዙም የድሮው ወንዝ አይደለም። የሌሎች ወንዞች ውኃ ተጠልፎ ስለገባበት በእጥፍ ገደማ ጨምሯል፤ በክረምት ደግሞ ኤሌክትሪክ በብዛት ስለሚፈለግ ብዙ ውኃ ይለቀቃል። ስለዚህ አባቶቻቸው በውሻ ይሻገሩት የነበረው በረዶ ዛሬ አይታመንም። ከባሕሩ ዳርቻ ውኃ ሥር የሚበቅለው፣ ዝይዎች በመከር ሲያልፉ የሚግጡት ሣርም በጣም ሳስቷል፤ አዳኞቹ ይህንንም ከወንዙ መለወጥ ጋር ያያይዙታል። ለአንቺ ሥራ በቀጥታ የሚመለከትሽ ሜርኩሪው ነው። ጫካና አፈር በግድብ ውኃ ሲዋጥ ባክቴሪያዎች በውስጡ ያለውን ሜርኩሪ ወደ መርዛማው ዓይነት ይለውጡታል፤ ከትንሹ ዓሣ ወደ ትልቁ እየተጠራቀመ ሰው ዘንድ ይደርሳል። ታዲያ «ዓሣ አትብሉ» ብለሽ እንዳትመክሪ፣ አደራ! ሌሎችን ዓሣዎች የሚበላው ፓይክ ነው ጥንቃቄ የሚያሻው፤ ኋይትፊሽ የሚሉት ሜርኩሪው አነስተኛ ነው። ስኳር በሽታ በተስፋፋበት አገር ሰውን ከዓሣ አስሽሽተሽ ወደ ሱቅ ለስላሳና ቺፕስ ብትገፊው ጉዳቱ ይብሳል።

ሌላም የምታስቢው አለ። ደሴቲቱ ላይ ከ1930ዎቹ ጀምሮ አብያተ ክርስቲያናት የሚያስተዳድሯቸው አዳሪ ትምህርት ቤቶች ነበሩ። ልጆች ከወላጅ እየተነጠሉ የገቡባቸው፣ በቋንቋቸው ሲያወሩ የተቀጡባቸው ናቸው። ክሊኒክሽ ከሚመጡት አረጋውያን ብዙዎቹ በዚያ አልፈዋል። ነጭ ጋውን አይተው ዝም ቢሉ፣ ስታዝዢያቸው «እሺ» ብለው ቢቀሩ፣ አትቆጪ። ወንበር ሳቢና ቁጭ በይ። ስለ ልጅ ልጆቻቸው ጠይቂ። መድኃኒቱ ኋላ ይደርሳል።

ደስታቸውንም ልንገርሽ፤ ያለዚያ አታውቂያቸውም። በሚያዝያ መጨረሻና በግንቦት መጀመሪያ ዝይ ከደቡብ ሲመለስ ትምህርት ቤት ይዘጋል፣ ቢሮ ይዘጋል፣ ከተማው ባዶ ይቀራል። ሁሉም አደን ነው። መቼ እንደሚተኮስ፣ የትኛው ቦታ ለዝይ እረፍት እንደሚተው የሚወስን የአደን አለቃ አላቸው፤ በእሱ ቃል ላይ ማንም አይነሳም። ከተጋበዝሽ እንዳትቀሪ። ድንኳኑ ውስጥ እንደ በዓል ቄጤማችን ትኩስ የጥድ ቅርንጫፍ ተጎዝጉዟል፤ ዝይው በገመድ ተንጠልጥሎ እሳት ፊት ቀስ እያለ ሲዞር ስቡ ከሥሩ ወዳለው መጥበሻ ይንጠባጠባል። ሕፃን መራመድ ሲጀምርም ትልቅ ሥርዓት አለ፤ እስከዚያች ቀን እግሩ ከድንኳን ውጭ መሬት አይነካም። ጎህ ሲቀድ አዲስ ልብሱን ለብሶ፣ ወንዱ የእንጨት ጠመንጃ፣ ሴቷ ትንሽ መጥረቢያ ይዛ፣ በትልልቆች እጅ እየተመሩ ይወጣሉ፤ ዞረው ሲገቡ አያቶች እየሳሙ ይቀበሏቸዋል።

ምን ትያዢ? ሙቅ ቦት ጫማና ብዙ በርበሬ። መጠጥ ግን በስጦታም ቢሆን አትውሰጂ፤ ከተማዋ አልኮል ከልክላለች። በመኪና ከሄድሽ ከማታጋሚ ከተማ በሰሜን በኩል እስከ ኪሎ ሜትር 381 ድረስ ነዳጅ አታገኚም፤ ሞልተሽ ውጪ።

ሂጂ እህቴ። ግን ለአንድ ክረምት ብለሽ አትሂጂ፤ በየስድስት ወሩ አዲስ ነርስ ማየት በጣም ሰልችቷቸዋል።

ሁለተኛ ጥያቄ

ክሪዎች እንደኛ የራሳቸው ፊደል አላቸው የሚባለው እውነት ነው? ከግዕዝ ጋር ዝምድና አለው?
መ. ከባሕር ዳር

መልስ

አላቸው፤ የሥጋ ዝምድና ግን የለውም። በ1840 በዛሬዋ ማኒቶባ ውስጥ በኖርዌይ ሃውስ የነበረው ሚስዮናዊ ጄምስ ኢቫንስ አሳተመው ይባላል፤ ክሪዎች በበኩላቸው ከመንፈስ ዓለም ለአባቶቻቸው የተሰጠ ነው የሚል ትውፊት አላቸው። አሠራሩ አንተን አይቸግርህም። እኛ ፊደሉ ላይ እግርና ቅጥል እየጨመርን ካዕብ፣ ሣልስ እንደምንለው፣ እነሱ ያንኑ ቅርጽ ወደ አራት አቅጣጫ እያዞሩ አናባቢውን ይለውጣሉ። ሰዎች እርስ በርስ እየተማማሩ በአጭር ጊዜ አዳረሱት። ቺሳሲቢ ውስጥ የመንገድ ምልክቱም፣ የሆስፒታሉ ጽሑፍም፣ የአንግሊካኖቹ የመዝሙር መጽሐፍም በእሱ ነው። እኔ ትርጉሙን ሳላውቅ ንባቡን ስለቻልኩ ከእናቶች ጋር አብሬ እዘምር ነበር። ሠንጠረዡን ከፈለግህ አድራሻህን ላክልኝ፣ ቅጂ አለኝ።