መድረኩን ትቼ ወደ ፊልም ልሂድ?

ውድ ጠያቂያችን፣

በመሀል አዲስ አበባ በሚገኝ የመንግሥት ቴያትር ቤት በቋሚነት እንደሚሠሩ፣ አሁን በአንድ ፊልም ላይ መሪ ሚና እንደቀረበልዎና ቀረጻው ከልምምድ ሰዓትዎ ጋር ስለሚጋጭ መልቀቂያ ለማስገባት እንዳሰቡ ጽፈውልናል። የቀደሙት ሴት ተዋንያን ስም ያተረፉት በፊልም ነው የሚለው ማስረጃዎ ግን ታሪኩን ሲያዩት አያስኬድም።

የመጀመሪያው ባለሙሉ ርዝመት የአማርኛ ፊልም፣ «ሂሩት አባቷ ማነው?»፣ ለሕዝብ የቀረበው በ1957 ዓ.ም. ሲሆን «ጉማ» የመጣው በ1966 ዓ.ም. ነው፤ ስለዚህ በዚያ ዘመን በፊልም ብቻ ልደር የምትል ተዋናይት ብትኖር ኑሮዋን ልትገፋ አትችልም ነበር። እንጀራው የነበረው በ1927 ዓ.ም. በተመሠረተው ሀገር ፍቅርና በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴያትር በምንለው ቤት ነው። እዚያ መድረስም ቀላል አልነበረም፤ ሴት በመድረክ መታየቷ እንደ ነውር ይቆጠር ስለነበር የሴት ገጸ ባሕርያትን ወንዶች ይጫወቱ ነበር፤ አባባ ተስፋዬ ሳህሉም ሴት ሆነው ተውነዋል። ከቀዳሚዎቹ ሴት ተዋንያን አንዷ የሆኑት አስናቀች ወርቁ ትወናን ከዘፈንና ከክራር ጋር አጣምረው ይዘው ነበር (ዛሬ ብዙ ሰው ቀድሞ የሚያነሣው ክራራቸውን መሆኑ ተዋናይነታቸውን ይጋርደዋል ብዬ አምናለሁ)።

የእርስዎም ሁኔታ ከዚያ ብዙ አይርቅም። ፊልሙ የሚከፍለው ለአንድ ሥራ ነው፤ ቀረጻው ሲያበቃ ቀጣዩ መቼ እንደሚመጣ የሚያውቅ የለም፤ ቴያትር ቤቱ ግን በየወሩ ደመወዝ ይከፍልዎታል፣ ጡረታዎንም ያስከብራል። እንዲህም ሆኖ ፊልሙን እምቢ ይበሉ አልልም፤ ሚናው ጥሩ ከሆነ መሥራት አለብዎ። በቅድሚያ ግን አሁን ከሚለማመዱት ተውኔት አንድ ገጽ ቃለ ተውኔት ይምረጡና በስልክዎ ፊትዎን ከቅርብ አድርገው ይቅረጹ። ድምፅዎን የመጨረሻው ወንበር ላይ ለተቀመጠው ተመልካች እንዲደርስ አድርገው ስለለመዱ፣ ቅንድብዎ ከሚገባው በላይ ሲነሣ፣ ትንፋሽዎ ሲሰማ፣ እጅዎም ያለ ምክንያት ሲወራጭ ያያሉ። ያንኑ ገጽ አጠገብዎ ለተቀመጠ ሰው እንደሚነግሩት አድርገው ይድገሙት፤ በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ከቀረጻው በፊት ሊሠሩበት የሚገባዎ ነው።

ወደ ውሉ ስንመጣ፣ የቀረጻው ቀናት በቁጥር ይጻፉ፤ ከተባለው ቀን ካለፈ ለእያንዳንዱ ተጨማሪ ቀን ምን ያህል እንደሚከፈልዎ ይገለጽ፤ ድምፅ ለመቅዳት ተመልሰው የሚጠሩበት ቀንም አይዘንጋ። ቅድመ ክፍያ ሳይቀበሉ ሥራ አይጀምሩ። አለቃዎን ግን በቃል ብቻ አያናግሩ፤ የቀረጻውን መርሐ ግብር አያይዘው የዓመት ፈቃድ፣ ካልበቃም ያለ ደመወዝ ፈቃድ እንዲሰጥዎ በጽሑፍ ይጠይቁ፤ መልቀቂያውን ማሰብ ያለብዎ የጽሑፍ መልሱ ከደረሰዎት በኋላ ነው።