በተራራ ላይ የተፈጥሮ ዘጋቢ ፊልም ለመሥራት ለምትመኙ ወጣቶች

ውድ ወጣቶች፣

ወደዚህ ሙያ ለመግባት የምታስቡ ብዙዎቻችሁ አስቀድማችሁ የምትጠይቁኝ የትኛውን ካሜራ እንደምትገዙ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ነገር ግን ዕድሜዬን ባሳለፍሁበት በዚህ ሥራ መልካም ምስል ይዞ የሚመለሰው እንስሳው በየትኛው ሰዓት ከየት እንደሚወጣና ምን እንደሚያደርግ ቀድሞ ያጠና ባለሙያ እንደሆነ አይቻለሁ።

ቀይ ቀበሮን እንውሰድ። በባሌ ተራሮች፣ 4,000 ሜትር ገደማ ከፍታ ባለው የሳነቴ አምባ፣ ከዋና ምግቦቿ አንዱ የሆነው ትልቁ ፍልፈል ከጉድጓዱ ብቅ የሚለው ለጥቂት ጊዜ ነው፤ በዙሪያው ያለውን ሣር ይለቅምና ተመልሶ ይገባል። ቀበሮዋ ሆዷን ከመሬት አጣብቃ ጥቂት ትጠጋለች፣ ባለችበት ቀጥ ትላለች፣ ደግሞም ትጠጋለች። ይህን ያላወቀ የካሜራ ባለሙያ እንስሳዋ ያረፈች መስሎት ቀረጻውን ያቆማል፤ የሚያውቀው ግን ቀበሮዋንና የጉድጓዱን አፍ በአንድ ምስል ውስጥ ይዞ ይጠብቃል።

እንዲህ ለመጠበቅ ጤና ያስፈልጋል። ከ3,000 ሜትር በላይ ስትወጡ የምታድሩበትን ከፍታ በአንድ ቀን ከ500 ሜትር በላይ አትጨምሩ፤ በየሦስት ወይም በየአራት ቀኑም እዚያው አርፋችሁ እደሩ። ከመካከላችሁ አንዱ መንገዳገድ ወይም መቃዠት ከጀመረ፣ ወይም ተቀምጦ እንኳ ትንፋሽ ካጠረው፣ የቀረጻው መርሐ ግብር ምንም ይሁን ምን ሳትዘገዩ ይዛችሁት ውረዱ። ብርድ የባትሪን ኃይል ስለሚያዳክም መለዋወጫዎቹን ከልብሳችሁ ሥር ያዙ። ካሜራውንም ወደ ሞቀ ድንኳን ከማስገባታችሁ በፊት አየር በማያስገባ ላስቲክ ዝጉት፤ አለዚያ ሌንሱ ላይ እርጥበት ይቋጥራል።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳስበኝ ለአንድ ምስል ሲባል በእንስሳት ላይ የሚደርሰው በደል ነው። የጎለመሱት ቀይ ቀበሮዎች በዓለም ሁሉ ከ500 አይበልጡም፤ ግልገል ያላት እናት ሰው ሲያስጨንቃት ልጆቿን በአፏ ይዛ ወደ ሌላ ጉድጓድ ልታዛውር ትችላለች፣ በዚያ ቅዝቃዜ ደግሞ እንዲህ ያለው ጉዞ ለጨቅላዎቹ አደገኛ ነው። ስለዚህ ከሩቅ አቅርቦ የሚያነሣ ረጅም ሌንስ ተጠቀሙ፤ እንስሳዋ ጆሮዋን አቁማ ወደ እናንተ ደጋግማ መመልከት ከጀመረችም ሥራዋን እንዳስተጓጎላችሁ ተረድታችሁ ወደ ኋላ ራቁ። በሥጋ አታባብሉ፣ ድሮንም ከመኖሪያዋ በላይ አታብርሩ። የፊልሙ አዘጋጅ ቅርብ ምስል ካላመጣችሁ ቢላችሁ፣ ምክንያቱን በአክብሮት አስረድታችሁ እምቢ በሉት፤ በዚህ ሰበብ ሥራ ቢቀርባችሁ እንኳ ትክክል እንደሆናችሁ አምናለሁ።

ገቢው እንደ ወር ደመወዝ አስተማማኝ አይደለም፤ ስለዚህ ድምፅ መቅረጽንና የምስል ቅንብርንም ተማሩ። መጀመሪያ ረዳት ሆናችሁ የካሜራ ማቆሚያ (ትራይፖድ) ተሸከሙ፣ የቀኑንም ቀረጻ በሁለት ዲስክ ገልብጣችሁ ለየብቻ አስቀምጡ። በራሳችሁ ጊዜ ደግሞ በቀላሉ የምትደርሱበትን አንድ የተለመደ እንስሳ ከክረምት እስከ በጋ ተከታተሉ፤ ሥራ ስትጠይቁ ከዚያ ያዘጋጃችሁትን አጭር ፊልም አሳዩ፤ እኔም ረዳት ስመርጥ አስቀድሜ የማየው እንዲህ ያለውን ሥራ ነው።