ዋሻሽ ለምን መታጠቢያ ቤት መሰለ?

ከለገጣፎ የጻፈችልኝ እህት የድምፅ ድራማ እየሠራች ነው። ታሪኩ በምናብ አገር ነው። እዚያ «ዘርጊዎች» የሚባሉ ሰዎች ቦታን በድምፃቸው ይለጥጣሉ፤ አንዷ ስታዜም ጠባብ ክፍል ዋሻ ያክላል፣ ዝም ስትል ይሰበሰባል። የምትቀርጸው ግን ሦስት በአራት በሆነች የብሎኬት ክፍል ውስጥ ነው። ግድግዳው ልስን፣ ወለሉ ሴራሚክ፣ ጣሪያው ቆርቆሮ። «ሪቨርብ (ድምፅ በቦታ ውስጥ የሚያስተጋባ የሚያስመስለውን ኢፌክት) በጨመርኩ ቁጥር ዋሻው መታጠቢያ ቤት ይሆንብኛል፣ ምን ይሻለኛል?» ትላለች።

እህቴ፣ ሪቨርቡን ተይው፣ እሱ ጥፋት የለበትም። ማይክሽ ከተዋናይዋ ድምፅ ጋር የራስሽን ክፍል አብሮ ቀርጿል። በዚያ ላይ ዋሻ ስትጭኚበት ሰሚው ሁለቱንም ይሰማል፣ ጆሮ ደግሞ ቀድሞ የሚይዘው ትንሿን ክፍል ነው። አንዴ ከገባ በኋላ በሶፍትዌር ላውጣው ብትይ ድምፁንም ይዞት ይወጣል።

ስለዚህ መጀመሪያ ክፍሉን ዝም አሰኚው። መሀል ቆመሽ አጨብጭቢ፤ «ዝርርር» የሚል ነገር ከሰማሽ በትይዩ ግድግዳዎቹ መካከል የሚመላለስ ድምፅ ነው። ከተዋናይዋ ጀርባና ጎን የስፖንጅ ፍራሽ አቁሚ፣ ወለሉ ላይ ምንጣፍ፣ ከላይ ወፍራም ብርድ ልብስ ወጥሪ። የእንቁላል ካርቶን የሚሉሽን አትስሚ፣ ቀጭኑን ድምፅ ትንሽ ነክሶ ወፍራሙን እንዳለ ይተወዋል። ወንድ ተዋናይ ካለሽ ደግሞ ሦስት ሜትሩ መሀል ላይ አታቁሚው። ያ ስፋት 113 ኸርዝ አካባቢ ያለውን ድምፅ መሀል ላይ ያጎላል፣ የብዙ ወንድ ድምፅም እዚያው ዙሪያ ስለሆነ በርሜል ውስጥ የገባ ይመስልብሻል። ግድግዳውም ጥግ ድረስ አታስጠጊው፤ በመሀሉና በአንዱ ግድግዳ መካከል አቁሚው።

አሁን ወደ ዘርጊዎችሽ። እዚህ ጋ ነው ነገሩ የሚጥመው። ምናብ ይሁን እንጂ ሕግ ይኑረው። ድምፅ በእኛ አገር ብርድ በሰከንድ 340 ሜትር ይሄዳል ብለሽ ያዢ። (አዲስ አበባ ከፍታ ላይ ስለሆነች ድምፅ ይዘገያል የሚሉ አሉ። ፍጥነቱን የሚወስነው ሙቀቱ እንጂ የአየሩ መሳሳት አይደለም።) ግድግዳው 17 ሜትር ቢርቅ ድምፁ ደርሶ ለመመለስ 34 ሜትር ይጓዛል፣ ማለትም 100 ሚሊ ሰከንድ። 34 ሜትር ቢርቅ 200። ያንቺ ክፍል ውስጥ ግን የመጀመሪያው መልስ ከ10 ሚሊ ሰከንድ በፊት ስለሚመጣ ጆሮ ለይቶ አይሰማውም። ስለዚህ ቦታውን ትልቅ የሚያስመስለው የሪቨርቡ ብዛት ሳይሆን የመጀመሪያው መልስ የሚዘገይበት ጊዜ ነው። ፕሪ ዲሌይ የሚለውን ቁልፍ ፈልጊ።

ግድግዳው እየሸሸ ከሆነስ? ያኔ ማሚቶው መዘግየት ብቻ ሳይሆን ይወፍራልም። በሰከንድ 17 ሜትር የሚሸሽ ግድግዳ የሚመልሰው ድምፅ በቅጥነቱ 10 በመቶ ገደማ ይወርዳል፤ ዘፋኝ ጆሮ ያለው ሰው ወዲያው ያውቀዋል። ሲጠጋ ደግሞ ይቀጥናል። ይህንን ለዘርጊዎችሽ ስጫቸው! ሰሚው ተራኪ ሳያስፈልገው ቦታው እየሰፋ ይሁን እየጠበበ ከማሚቶው ይለያል። የቴፕ ዓይነት ዲሌይ (ድምፅን አዘግይቶ የሚደግም ኢፌክት) ላይ የመዘግየቱን ሰዓት ድምፁ እየሄደ ብታራዝሚው ይህንኑ ይሠራልሻል። ሌሎቹ ዲሌዮች ብዙ ጊዜ «ጠቅ ጠቅ» ስለሚሉ አይሆኑሽም።

ለዋሻው ራሱ የተዘጋጀ ሪቨርብ ከምትለማመጪ እውነተኛ ቦታ ቅጂ። በአካባቢሽ ያላለቀ ፎቅ አይጠፋም። ደረጃው ላይ ፊኛ አፈንጂና ፍንዳታውን ከነጭራው፣ ማለትም ቀስ እያለ ከሚጠፋው ማስተጋባት ጋር ቅረጪ፣ ጭራው እስኪያልቅ ማይኩን እንዳታጠፊ። ከዚያ ፋይሉን ኮንቮሉሽን ሪቨርብ (የተቀረጸን ቦታ ማስተጋባት በድምፅሽ ላይ የሚያለብስ) ላይ ጫኚው፣ ሪፐር የሚባለውን የቀረጻ ሶፍትዌር የምትጠቀሚ ከሆነ ሪያቨርብ የሚባለው ኮንቮሉሽን ሪቨርብ አብሮት ይመጣል። ዘበኛውን ግን አስቀድመሽ አስፈቅጂ፣ ጥይት መስሎት ድንጋይ ቢያነሳ አልፈርድበትም።

ዝናብ ሲጥል ቀረጻ የለም። ቆርቆሮውን ፍራሽም ብርድ ልብስም አያስቆሙትም። ኮርኒስ እስክታስገቢ ድረስ በክረምት ጠዋት ጠዋት ሥሪ።