ሸርጣኑ እምቢ ማለት ይችላል?

ጥያቄ፦ ሕይወት ካላቸው የባሕር ፍጥረታት ጋር ስለምትሠራ አንዲት የፐርፎርማንስ ጥበብ ባለሙያ በቅርቡ አንብቤ ነበር። ሸርጣኖች ሰው የሠራላቸውን ቤት ተሸክመው ሲሄዱ ማየቱ ቢያስገርመኝም፣ እንስሳው ፈቃዱ ሳይጠየቅ የሰው ትርዒት ማድመቂያ መሆኑ ከነከነኝ። ይህ ጥበብ ነው ወይስ ያማረ ጭካኔ?

መልስ፦ ጠያቂያችን፣ ያነበቡት ስለ ጃፓናዊቷ አኪ ኢኖማታ ሳይሆን አይቀርም። ኢኖማታ እ.ኤ.አ. በ2009 በጀመረችው ሥራ፣ የከተማ ሕንጻዎችን በላያቸው ያዘሉ፣ እንደ መስተዋት ውስጣቸው የሚታይ ዛጎሎችን በባለሦስት አውታር ማተሚያ (3ዲ ፕሪንተር) እያዘጋጀች ባሕር ዳር ለሚኖሩ ሸርጣኖች ታቀርባለች። የእነዚህ ሸርጣኖች የኋላ አካል ልስልስና ጥምዝ በመሆኑ፣ የሞተ ቀንድ አውጣ የተወውን ዛጎል ካልለበሱ በቀላሉ ይጠቃሉ፤ ባደጉ ቁጥርም ሰፋ ያለ መፈለግ ግድ ይሆንባቸዋል።

ሸርጣኑ ታዲያ ያገኘው ዛጎል ውስጥ ሁሉ ዘሎ አይገባም። ያገላብጠዋል፣ መቆንጠጫውን በዛጎሉ አፍ በኩል ሰድዶ ስፋቱንና ጥልቀቱን ይዳስሳል፤ ከተስማማው ብቻ ራቁት አካሉን ከአሮጌው መዝዞ በቅጽበት ወደ አዲሱ ይሸጋገራል። የኢኖማታን የመጀመሪያ ዛጎሎች ሸርጣኖቹ አልፈለጓቸውም ነበር። ተከራይ ያገኘችው የተፈጥሮ ዛጎልን በሲቲ ስካን አስነስታ የውስጡን ጥምዝ ቅርጽ ካጠናች በኋላ ነው (ተከራይ ማለቴ ያለ ምክንያት አይደለም፤ የሥራው ጭብጥ ራሱ የመጠለያና የአገር መለወጥ ጉዳይ ነው)። እኔ ሥራውን የምወደው በዚህ እምቢታ ምክንያት ነው፤ ባለሙያዋ የሸርጣኑን ልክ ለማወቅ ተገድዳለችና።

ሌላው ጃፓናዊ ሺማቡኩ እ.ኤ.አ. በ2000 ከአካሺ ባሕር የተያዘ አንድ ኦክቶፐስ በፈጣን ባቡር ወደ ቶኪዮ ወስዶ፣ የጽኪጂን የዓሣ ገበያ አስጎብኝቶ፣ ተመልሶ ባሕሩ ውስጥ ለቆታል። ቀልዱ ያስቃል፤ ይሁንና ኦክቶፐሱ ከባቡሩ መውረድ አይችልም ነበር፤ ስለዚህ የእርስዎ ቅሬታ እዚህ ላይ የበለጠ ይሠራል። የባሕር ዓሣ ባይሆኑም በዚያው ዓመት በዴንማርኩ ትራፕሆልት ሙዚየም ማርኮ ኤቫሪስቲ ወርቃማ ዓሦችን በጁስ መፍጫዎች ውስጥ አድርጎ ተመልካቹ ቁልፉን እንዲጫን ወይም እንዲተው አቅርቦ ነበር፤ የተጫኑም ነበሩ። ፍርድ ቤቱ ዓሦቹ ወዲያው ስለሞቱ አልተሰቃዩም ብሎ የሙዚየሙን ኃላፊ በነጻ ቢያሰናብትም፣ ምርጫው በሙሉ የሰው እንጂ የዓሣው አልነበረምና በእኔ ሚዛን ሥራው ይወድቃል።

ቅሬታዎ ከንቱ ርኅራኄ እንዳልሆነ የብሪታንያ ሕግም ይመሰክራል፤ እ.ኤ.አ. በ2022 የወጣው አዋጅ ሸርጣኖችንና ኦክቶፐሶችን ስሜት ካላቸው እንስሳት ወገን መድቧቸዋል። ወደፊት እንዲህ ያለ ትርዒት ሲገጥምዎ ከሰው ሠራሹ ዛጎል አጠገብ ተራ ዛጎል መቀመጥ አለመቀመጡን ይመልከቱ።